የሰብለ ስልክ ኪሴ ውስጥ እያለ

ስሜ ትዕግሥት ይባላል፤ ከስሙ በቀር ትዕግሥት የሚባል ነገር የለኝም። እናቴ ነፍሷን ይማርና «ስም ያወጣሁልሽ ቀን ምን ነክቶኝ ነው?» እያለች ትስቅብኝ ነበር። እንዲህ ያለች ሰው በሚኒያፖሊስ የጥር ብርድ፣ የዕቃ ማመላለሻ ሊፍት ውስጥ ሲዘጋባት ምን እንደምትሆን እስቲ አስቡት። ደግሞ የከፋው መዘጋቱ አልነበረም። የከፋው ኪሴ ውስጥ የነበረው ነገር ነው።

መጀመሪያ ግን ያን ጊዜ ማን እንደነበርኩ ልንገራችሁ፤ አለበለዚያ ነገሩ አይገባችሁም።

ሎስ አንጀለስ ለትምህርት ሄጄ፣ ተመርቄ፣ ሥራ አጥቼ ስንከራተት ቆይቼ አንድ ትልቅ የፊልም ስቱዲዮ ውስጥ የአንድ አለቃ ስልክ አንሺ ሆኜ ተቀጠርኩ። ሥራዬ «አሁን ስብሰባ ላይ ነው» ማለት ነበር። ሰውዬው ስብሰባ ላይ አልነበረም፤ ጫማውን አውልቆ ሶፋ ላይ ተጋድሞ ነበር። ይህችን ውሸት እንደኔ አሳምሮ የሚዋሽ ስላልተገኘ ከፍ አደረጉኝ። ስክሪፕት እንዳነብ፣ ከዚያ ስክሪፕት እንድመርጥ፣ ከዚያ የራሴ ቢሮና የራሴ ስልክ አንሺ እንዲኖረኝ ሆነ። መጨረሻ ላይ ምክትል ፕሬዚዳንት ተባልኩ። አትደነቁ፤ እዚያ ቤት ምክትል ፕሬዚዳንት ያልተባለው ዘበኛው ብቻ ነው።

ሥራችን በአጭሩ ለሰው «አይሆንም» ማለት ነበር። ስንቱ ሐሳቡን ይዞ ይመጣል፤ የሚሠራለት ግን ከስንት አንድ ነው። ይሁን እንጂ «አይሆንም» የሚለው ቃል ከአፋችን አይወጣም፤ ነውር ነው። «በጣም ወደድነው! ምን ዓይነት ተሰጥዖ ነው! እንደዋወላለን!» እንላለን፤ ከዚያ አንደውልም። ሰውዬው ይጠብቃል፣ ይጠብቃል፣ አንድ ቀን ራሱ ይገባዋል። እኔ ለዚህ ሥራ የተፈጠርኩ ነበርኩ። ፈረንጆቹ ከየት ተማርሽው እያሉ ሲገረሙብኝ በሆዴ እስቃለሁ። እኛ በልጅነታችን እንግዳ ቤት ሄደን «በልቻለሁ» ስንል የተማርነውን እነሱ ዩኒቨርሲቲ ገብተው ነው የሚማሩት።

ስቱዲዮው ለሌላ ኩባንያ የተሸጠ ሰሞን አዲሶቹ አለቆች ጠርተው «ትዕግሥት፣ በጣም ነው የምንወድሽ» አሉኝ። ወዲያው ገባኝ። ወደ ቢሮዬ ተመልሼ ዕቃዬን ካርቶን ውስጥ መክተት ጀመርኩ።

እንዲህ ሆኜ ነው ፕሮዲውሰር የሆንኩት። ስቱዲዮ ውስጥ ሳለሽ ሰው ይለምንሻል፤ ፕሮዲውሰር ስትሆኚ አንቺ ትለምኛለሽ። ልዩነቱ ይኸው ነው። የመጀመሪያ ፊልሜን ሚኒያፖሊስ ለመሥራት መጣሁ፤ ታሪኩ የሰው እናት እያስታመመች የራሷን እናት ግን በስልክ ብቻ የምታገኝ አንዲት የዚያ ከተማ ኢትዮጵያዊት ታሪክ ስለነበረ። ዋናዋን ሴት የምትሆን ተዋናይ ፈልጌ አጣሁ። አንድ እሑድ ቤተ ክርስቲያን ከቅዳሴ በኋላ ሰብለን አየኋት። ሮቢንስዴል አካባቢ አዛውንቶችን ቤታቸው እየሄደች የምትንከባከብ፣ ዐርባዎቹን የጀመረች፣ ስትስቅ አፏን በእጇ የምትሸፍን ሴት ናት። ካሜራ ፊት ቆማ አታውቅም። ለምኜ፣ ጋሽ መኮንንን አስለምኜ፣ እሺ አለች።

ጋሽ መኮንን የትምህርት ቤት አውቶቡስ የሚነዱ፣ ሰርጉም ለቅሶውም ያለ እሳቸው የማይሆን ሰው ናቸው። ይህን ያዙልኝ።

የመጨረሻው የቀረጻ ቀን ደረሰ። የቀረን አንድ ሲን፣ አንድ ትዕይንት፣ ነበር፤ ሴትዮዋ ለእናቷ ደውላ የምትስቅበት። ፊልሙ በሙሉ ወደዚያች ሣቅ ነው የሚሄደው። እሷ ከሌለች ፊልሙ የለም፤ የመጋዘኑ ኪራይም በማግስቱ ያልቃል። የምንቀርጸው ሲዋርድ በሚባለው ሰፈር፣ ከባቡር ሐዲዱ አጠገብ ያለ አሮጌ የጡብ መጋዘን ላይኛው ፎቅ ላይ የአፓርትመንት ክፍል ሠርተን ነው። ሕንፃው ማሞቂያ የለውም፤ እንደ አውሮፕላን የሚጮህ ትልቅ ማሞቂያ ተከራይተን አስገብተናል። ቀረጻ ሲሆን ይጠፋል፣ እረፍት ሲሆን ይበራል።

ጠዋት ሰብለ ሜክአፕ ላይ ሳለች ጋሽ መኮንን ደወሉልኝ።

«ትዕግሥት፣ ሰብለ አጠገብሽ ናት?»

«ሜክአፕ ላይ ናት። ምነው ጋሼ?»

 በረጅሙ ተነፈሱ።

«ሥራችሁ እስከ ስንት ሰዓት ነው?»

«እስከ ማታ። የመጨረሻ ቀናችን ነው።»

«እንግዲያው ጨርሱ። ስልክ እጇ እንዳይገባ። ብቻዋንም እንዳትተዪያት። ነገ ማለዳ ከንስሐ አባቷ ጋር ሆነን ቤቷ እንሄዳለን፤ አንቺም ነጠላሽን ይዘሽ ነይ።»

 «እናቷ ናቸው ጋሼ?»

«እኅቷ ማርታ ከአዲስ አበባ ደውላልኝ ነበር። ከለቅሶዋ የተነሣ ማውራት አልቻለችም። ‹ሰብለን፣ ሰብለን› ስትል መስመሩ ተቋረጠ። እንግዲህ ምን ይደረጋል? የእግዚአብሔር ሥራ ነው።»

ከዚህ በላይ ምን ይጠየቃል? መርዶ ነው። ሐበሻ ለሐበሻ እንዲህ ነው የሚነጋገረው፤ ዋናው ቃል ሳይነሣ ሁሉም ይገባዋል። እኔ ደግሞ ያልተባለውን በመስማት እንጀራ የበላሁ ሰው ነኝ። ስልኩን ዘግቼ ግድግዳ ተደግፌ ቆምኩ። አዘንኩላት። ግን «ጨርሱ» ማለታቸው ደግሞ ከትከሻዬ ላይ አንድ ድንጋይ አንሥቶልኛል፤ ይህንንም አልደብቃችሁም።

ቀረጻ ላይ ስልክ ይሰበሰባል፤ ደንብ ነው። አንዱ መሐል ላይ ከጮኸ ሲኑ በሙሉ ይበላሻል። የሌላውን ሰው ስልክ ረዳት ዳይሬክተሩ በከረጢት ሰበሰበ፤ የሰብለን ግን «ለኔ ስጪኝ፣ እኔ እይዝልሻለሁ» ብዬ ኮቴ ውስጠኛ ኪስ ከተትኩት። «እግዜር ይስጥልኝ ቲጂዬ» ብላ አመሰገነችኝ። ላጠፋው ብሞክር ማጥፊያውን በተጫንኩ ቁጥር «ምን ልርዳሽ?» የሚል ነገር እያመጣ አስቸገረኝ። ድምፁን ብቻ ቀንሼ ተውኩት።

ስልኩ ሙሉ ጠዋት ደረቴ ላይ ሲነዝር ዋለ።

እስከ ምሳ ድረስ ትንንሾቹን ነገሮች ቀረጽን፤ በር ስትከፍት፣ ሻይ ስትቀዳ። ዋናው ሲን ከምሳ በኋላ ነበር። ምሳ የሚያመጡልን እትዬ አስካለ ናቸው፤ እዚያው ቅርብ ትንሽ ምግብ ቤት አላቸው። ደግ ሴት ናቸው፣ ፊታቸው ግን ምስጢር አይችልም። በመስኮት ቁልቁል ሳይ ከመኪናቸው ሲወርዱ ጥቁር ሻሽ አስረዋል! ጋሽ መኮንን ነግረዋቸዋል ማለት ነው። ዐይናቸው አብጧል። ድስቱን ታቅፈው ወደ ደረጃው ገቡ። ደረጃው አንድ ብቻ ነው። ሰብለን ካዩ ድስቱን ጥለው አንገቷ ላይ እንደሚጠመጠሙ አላጣሁትም።

«ሰብልዬ፣ ነይ ታች መኪና ውስጥ እረፍት አድርጊ፤ ምሳሽን እዚያ አመጣልሻለሁ» ብዬ እጇን ያዝኩ።

«ብርድ ነው እኮ፣ ኮቴን ልያዝ…»

«መኪናው ሙቅ ነው፣ ነይ!»

ጎትቼ ዕቃ የምናወጣበት ሊፍት ውስጥ አስገባኋት። የሕንፃው ጠባቂ የመጀመሪያ ቀን «ለመብራትና ለካሜራ እንጂ ለሰው አይደለም» ብሎ አስጠንቅቆን ነበር።

«ኧረ ቲጂ፣ ለሰው አይደለም ብለውን የለ?»

«ለሰው አይደለም፣ ለአክተር ነው» አልኳት። አፏን ሸፍና ሳቀች። የብረት በሩን ስቤ ዘጋሁትና ቁልፉን ተጫንኩ።

ሊፍቱ ትንሽ እንደወረደ አንድ ነገር ቋ አለ። ቆመ። ከፊታችን የጡብ ግድግዳ ብቻ ነበር፤ ፎቅም አይደለም፣ በርም አይደለም። ቁልፎቹን አንድ በአንድ ተጫንኩ። የደወል ምልክት ያለበትንም ተጫንኩ፤ ድምፅ የለም። ከላይ ማሞቂያው በርቶ ያጓራል።

መጀመሪያ ሳቅን። ቀጥሎ ጮኽን። ቀጥሎ በሩን በጫማችን ደበደብን። ማን ይስማ? ሁሉም ማሞቂያውን ከብቦ ምሳ እየበላ ነው። ፕሮዲውሰሯና ዋናዋ ተዋናይ አብረው ከጠፉ ደግሞ ሰው ሲኑን እየተዘጋጁበት ነው ይላል እንጂ አይፈልግም።

«ስልክሽ?» አለች ሰብለ።

የራሴን አወጣሁ። ጠዋት መጋዘኑ ደጃፍ ቆሜ ሳወራ ብርዱ ባትሪውን በልቶታል፤ ጥቁር ሆኗል። ይህኛው እውነት ነው።

«የኔስ?»

«ከሌሎቹ ጋር ከረጢቱ ውስጥ ከተትኩት። ላይ።»

እንደዚህ በቀላሉ ወጣ፤ ሳላስበው። ስልኩ ደረቴ ላይ ነው፤ ባወጣው ከሊፍቱ እንወጣለን፤ ባወጣው ግን እስክሪኑ ላይ ምን እንደተጻፈ እኔ አላውቅም። ማርታ ጽፋላት ይሆናል። ከአገር ቤት አንዱ የሟችን ፎቶግራፍ ከነሻማው ለጥፎ ይሆናል። በዚህ ድንግዝግዝ፣ ንስሐ አባት በሌለበት፣ የሚይዛት ሰው በሌለበት፣ ከኔ በቀር ማንም በሌለበት! ኧረ እኔ አልችልም። ትንሽ እንጠብቅ፣ አንዱ ይመጣል አልኩ ለራሴ።

ማንም አልመጣም።

ብርዱ ከወለሉ ጣውላ ሥር እየሾለከ ወጣ። ሰብለ ለፊልሙ የተሰጣት ቀጭን ሹራብ ብቻ ነው የለበሰችው። ስታወራ ከአፏ ጭስ ይወጣል። እኔ ወፍራም ኮት ለብሼ ቆሜያለሁ። ማንም ሰው በዚያ ሰዓት ኮቱን አውልቆ ይሰጣል። እኔ ሻርፔን ፈትቼ ሰጠኋት። አመሰገነችኝ፤ ያ ምስጋና እንዴት እንዳቃጠለኝ!

ተቀመጥን። ዝምታውን ለመግፋት ይመስለኛል፣ ስለ ሆሊውድ ጠየቀችኝ።

«እስቲ ንገሪኝ፤ ሰው ታሪኩን ይዞ መጥቶ ካልወደዳችሁት ምን ትሉታላችሁ?»

«ወደድነው እንላለን።»

«እ?»

«ወደድነው እንላለን፤ ከዚያ አንደውልም። ይገባዋል።»

ትንሽ አሰበችበት። «እስኪገባው ድረስ ግን ስልኩን እያየ ይጠብቃል?»

«ይጠብቃል።»

«ክፉዎች ናችሁ!» አለችኝ፣ ከልቧ። «እኔ የምንከባከባቸው ሴትዮ ልጃቸው ‹ሳተርዴይ እመጣለሁ› ብሏቸው ቅዳሜ ቅዳሜ ሊፕስቲክ ተቀብተው በር በር ያያሉ። አልመጣም ቢላቸው እኮ ሊፕስቲኩን ትተው ቴሌቪዥናቸውን ያዩ ነበር።»

 ደረቴ ላይ ደግሞ ነዘረ። ሳል እንደመጣበት ሰው ጮክ ብዬ ሳልኩ።

«ዛሬ የምስቃትን ሣቅ ከየት እንደማመጣት ታውቂያለሽ?» አለች። «ከእማዬ። ትናንት ደውዬ ዝም ብዬ ሳስቃት ነበር። እሷ ስትስቅ መጀመሪያ ድምፅ የለውም፤ የሞተች ነው የሚመስልሽ። ከዚያ አንዴ ትፈነዳለች። ትናንት ግን ትንሽ አሟት ስለነበር ቶሎ ደከማት። ስንጨርስ እደውልላታለሁ።»

«እሺ» አልኩ። ከዚህ ሌላ ምን ልበል?

ጥርሷ ሲንቀጫቀጭ መስማት ጀመርኩ። ከንፈሯ ሰማያዊ ሆነ። ተነሥታ እጇን እያፋተገች ተንቀሳቀሰች፣ ተመልሳ ተቀመጠች፣ በመጨረሻ አላስቻላትም።

«ቲጂዬ፣ ይቅርታ አድርጊልኝና ኮትሽን አብረን እንልበሰው። አልቻልኩም።»

ታፍራ ነው የጠየቀችኝ። እምቢ ልበላት? አንዱን እጄን አወጣሁና አስጠጋኋት። አንድ ኮት ውስጥ፣ ጎኗ ጎኔ ላይ፣ እንደ እኅትማማች ተጣብቀን ተቀመጥን። ስልኩ በሁለታችን መሐል ነበር። በልቤ «ማርታ፣ በማርያም፣ አሁን አትደውዪ» አልኩ።

ደወለች።

ሰብለ ቀና አለች። «ምንድን ነው?»

«ምኑ?»

«የነዘረው።»

«እኔ ነኝ፤ እየተንቀጠቀጥኩ ነው።»

እንደገና ነዘረ። ሰብለ ዐይኔን እያየች እጇን ወደ ኮቱ ውስጥ ሰደደች። ልሸሽ ፈለግሁ፤ ወዴት? ከኋላዬ ብረት፣ ከፊቴ ጡብ፣ እሷና እኔ አንድ ኮት ውስጥ። አወጣችው። የማርያም ሥዕል ያለበት የራሷ ስልክ ነው። ከማርታ ያመለጡ ጥሪዎች ተደርድረዋል።

«ይሄ የኔ ነው» አለች።

«አዎ።»

«ላይ ነው ብለሽኝ ነበር።»

«አዎ።»

«ስንጮህ… ስቀዘቅዝ… አንቺ ጋ ነበር?»

ትቆጣለች፣ ትሰድበኛለች ብዬ ነበር የጠበቅሁት። እሷ ግን ከኮቱ ወጥታ ተነሣች፤ ፊቷ ቀስ እያለ ሲለወጥ አየሁት። ሐበሻ ናት። ስልኳ ለምን እንደሚደበቅ የሚነግራት አያስፈልጋትም። እትዬ አስካለን ሳታይ፣ ጋሽ መኮንንን ሳትሰማ፣ ሁሉንም አወቀች።

«ማን ሞተ?»

አፌ ላይ የመጡትን ቃላት ልንገራችሁ። «ኧረ ማንም!» የሚለው መጣ። «ትንሽ አሟቸው ነው» የሚለው መጣ። «ቆይ ጋሽ መኮንን ይንገሩሽ» የሚለውም መጣ። ሁሉም እኔ ስንት ዓመት የበላሁባቸው ቃላት ናቸው፤ ማር የተቀቡ። ያቺ ሊፕስቲክ ተቀብታ በር የምታይ አሮጊት ግን ፊቴ ላይ ድቅን አለች።

«እናትሽ ሞተዋል፣ ሰብልዬ» አልኩ።

መጀመሪያ ድምፅ አልነበረም። ከዚያ «እማዬን!» ስትል ሊፍቱ የተንቀጠቀጠ መሰለኝ። ደረቷን መታች፣ ፀጉሯን ያዘች፣ ስልኩ ከእጇ ወደቀ። ለቅሶ ቤት ሴቶች ከግራ ከቀኝ ይይዛሉ፣ አንዱ ውኃ ያመጣል፣ አንዱ ነጠላዋን ያስተካክላል። እዚያ እኔ ብቻ ነበርኩ። ወገቧን ይዤ አብሬያት ወለሉ ላይ ወደቅሁ። «ሳላይሽ! ሳላናግርሽ! ጠዋት እኮ ልደውል ነበር!» እያለች ስትጮህ፣ ያን ጠዋት ስልኩን ከእጇ የወሰድኩት እኔ መሆኔ ትዝ አለኝ። አለቀስኩ። ለእሳቸው ይሁን ለራሴ አላውቅም።

ስልኩ ወለሉ ላይ እንደገና ነዘረ። ማርታ ናት። ሰብለ የምታነሣ አይደለችም። ቢያንስ ተነግሯታል ልበላት ብዬ አነሣሁት።

«ሰብለ! የት ጠፍተሽ ነው?» ድምፁ ይቆራረጣል።

«ሰብለ አይደለሁም፣ ጓደኛዋ ነኝ። ነግረናታል ማርታ። እግዚአብሔር ያጽናሽ።»

«ምኑን ነው የነገራችኋት?»

«የእናታችሁን… ማረፍ።»

 መስመሩ የተቋረጠ መስሎኝ ነበር።

«ምን ታወሪያለሽ አንቺ? እማዬ እኮ እየጠበቀቻት ነው! ሐኪሞቹ ሌሊቱን አታልፍም ብለውናል። ‹ሰብለን ሳላናግር› እያለች እንቅልፍ እምቢ ብላለች። ከስንት ሰዓት ጀምሮ ነው የምደውለው! በናትሽ አገናኚን!»

 አንድም ሰው «ሞቱ» አላለኝም፤ ጋሽ መኮንንም አላሉም። ማርታም ለሳቸው አላለቻቸውም። እያለቀሰች «ሰብለን» ስላለች ብቻ እሳቸው ገባቸው፣ እኔ ገባኝ፣ እትዬ አስካለ ጥቁር ሻሽ አሰሩ። ሁላችንም ዐዋቂዎች!

ስልኩን ሰብለ ጆሮ ላይ አደረግሁት። ልትገፋው እጇን ስታነሣ ከውስጡ የደከመ፣ ግን የተቆጣ ድምፅ ወጣ።

«አንቺ! ስልክ አታነሺም እንዴ?»

የሰብለን ፊት ልገልጽላችሁ አልችልም፤ ስለዚህ አልሞክርም።

«እማዬ? እማዬ አንቺ ነሽ?»

«ታዲያ ማን ትሆን? ስጠብቅሽ ዋልኩ እኮ።»

ሰብለ እንባዋ እየወረደ አየችኝ። አንድ ቃል ብትናገር በቂ ነበር። «ትዕግሥት የምትባል ደብቃብኝ» ብትል፣ እኒያ እናት የመጨረሻ ቀናቸው ላይ ስሜን ይዘውት ይሄዱ ነበር።

«ስልኬ ጠፍቶብኝ ነበር፣ እማዬ» አለች። ዐይኗን ከኔ ሳትነቅል።

«ምንድን ነው እንዲህ የሚያስተጋባው? የት ነሽ?»

«ሊፍት ውስጥ። ቆሞብን ነው።»

«ሥራ ላይ ነሽ?»

«ያ ፊልም ነዋ። ነግሬሽ የለ?»

«ምን ሆነሽ ነው የምትሠሪው?»

«እናቷን በስልክ የምታናግር ሴት።»

 «ይሄማ ምን ሥራ ነው? በነጻ ታደርጊው የለ!»

ከዚያ ከወዲያ ማዶ ድምፅ ጠፋ። ደነገጥኩ። ከዚያ ፈነዱ። ሰብለም አብራ ፈነዳች፤ እንባዋ እየወረደ፣ አፏን ሳትሸፍን፣ ራሷን ጡቡ ላይ ጥላ። ያቺ ሣቅ ነበረች። ፊልሙን በሙሉ የሠራሁላት፣ ስክሪፕት ላይ ጽፈን ልንደርስባት ያልቻልናት ሣቅ፣ በአንድ ደብዛዛ አምፖል ሥር እፊቴ ነበረች። ካሜራዎቹ ከራሳችን በላይ ተደርድረው ሰው ምሳ ይበላል። የድሮው የስቱዲዮ ሰውነቴ ለአንድ አፍታ ተነሥቶ «ምነው በተቀረጸ» አለ። አፈርኩበትና ፊቴን ወደ ግድግዳው አዞርኩ። የማየው ነገር የኔ አልነበረም።

ከኋላዬ ምርቃቱን ሰማሁ። «እኔን እንዳኮራሽኝ ልጆችሽ ያኩሩሽ» ሲሉ፣ ሰብለ «አሜን፣ አሜን» ስትል።

እናቷ ሲደክማቸው ማርታ ስልኩን ዘጋች። ሰብለ ዐይኗን ጠርጋ 911 ደወለች፤ ረጋ ባለ ድምፅ አድራሻውን ተናገረች። እሳት አደጋዎቹ መጥተው በሩን ፈልቅቀው በመሰላል አወጡን። ዳይሬክተራችን ወጣት ፈረንጅ ነው፤ የሰብለን ፊት ሲያይ ክንዴን ያዘና «አየሽው? ፊቷ ላይ ያለውን አየሽው? አሁኑኑ እናንሣት!» አለኝ።

«አይሆንም» አልኩት።

ቀሪውን ጠበቀ። በኛ ሥራ «አይሆንም» ከአፍ ቢያመልጥ እንኳ ከኋላው ማር አለ፤ ያን ቀን ግን የለም። «ዛሬ ቀረጻ የለም፤ ነገም የለም፤ ያ ሲን ቀርቷል» አልኩት። ሰብለ ኮቷን ለበሰች፣ ስልኳን በሁለት እጇ ያዘች፣ ምንም ሳትለኝ ሄደች። ምሽቱን ሁሉ እናቷ ሲነቁ እያወራች፣ ሲተኙ ትንፋሻቸውን እየሰማች አመሸች አሉ።

በማግስቱ ገና ሳይነጋ ጋሽ መኮንን ደወሉልኝ። «ትዕግሥት… እንግዲህ…»

«ጋሼ፣ ሞተዋል ወይስ አልሞቱም? ቃሉን ይበሉት!»

እንዲህ ጮኼባቸው አላውቅም። «ሞተዋል» አሉ። «ማርታ ራሷ ናት የነገረችኝ። በግልጽ ጠይቄያታለሁ።» አስከትለውም፣ «እኔስ ትናንት ሞተዋል ብዬሽ ነበር?»

«አላሉም ጋሼ። ማንም አላለም።»

ነጠላችንን ለብሰን፣ ንስሐ አባቷን አስቀድመን፣ በዚያ በረዶ በሯ ላይ ቆምን። አባ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ጋሽ መኮንን አንገታቸውን ደፉ። እትዬ አስካለ ገና ካሁኑ ይንሰቀሰቃሉ። ሰብለ በሩን ከፈተች። ሁላችንንም በየተራ አየችን። ከሁሉም ኋላ ነበርኩ፤ ዐይኗ ግን ሁሉንም አልፎ መጥቶ እኔ ላይ አረፈ።

«አንቺ ንገሪኝ» አለች።

ነገርኳት።

አንባቢዎቼ፣ መርዶን አልቃወምም። ሰው ሐዘኑን ብቻውን እንዳይሰማ ብሎ ማለዳ ተሰብስቦ በር ማንኳኳት ትልቅ ነገር ነው፤ እዚያ ሊፍት ውስጥ ብቻዬን ወገቧን ይዤ ሳለሁ ትልቅነቱን ከማንም በላይ አይቻለሁ። የምላችሁ አንድ ነገር ነው፦ ከመሰብሰባችሁ በፊት ጠይቁ። በቃሉ ጠይቁ። እኔ ከዚያ ወዲህ ስክሪፕት ለሚያመጣልኝ ሰው «አይሆንም» የምለው ፊት ለፊት ነው። ብዙ ሰው ተቀይሞኛል፤ ይሉኝታ የላትም ተብያለሁ። ይባልልኝ። ቢያንስ ማንም በኔ ምክንያት ስልኩን እያየ አይጠብቅም።

ፊልሙን ያለዚያ ሲን ጨረስነው። ሚኒያፖሊስ ውስጥ ስናሳየው አዳራሹ ሞልቶ ነበር፤ ሰብለ ጥቁሯን ሳታወልቅ ከፊት ወንበር ተቀመጠች። ሲያልቅ አንዲት ወጣት ማይክ ይዛ፣ በእንግሊዝኛ፣ ትንሽ ቅር ብሏት ጠየቀች፦ ሴትዮዋ በፊልሙ ሁሉ ለእናቷ ልትደውል ትፈልጋለች፤ ለምን መጨረሻ ላይ አትደውልም?

እኔ ማይኬን ገና ሳነሣ፣ ሰብለ ከተቀመጠችበት ዞር አለችና በአማርኛ መለሰችላት።

«ደውላለች። እናንተ አልነበራችሁም።»